ኮርቺሎቭ «አውቃለሁ» ሲል

እሺ፣ ሰላም ናችሁ? ዛሬ ያለ ሙዚቃ ነው የምንገባው። ሙዚቃውን የሚያስገባልኝ ሰው አኩርፎኛል። እየሰማህ ከሆነ፣ እኔም አኩርፌሃለሁ።

ባለፈው «ከእንግዲህ የሶቭየት መርከብ በዚህ ማይክ አይወራም» ብዬ ነበር። አውቃለሁ። «ጓድ ሰርጓጅ» እያላችሁ የምትጽፉልኝ ሰዎች፣ እንኳን ደስ አላችሁ።

ግን አንድ ነገር አልለቀኝም። ስለ ኬ-19፣ ስለዚያች የሶቭየት ሰርጓጅ መርከብ አደጋ፣ ብዙ ብለናል፣ ታሪኩን አልደግመውም። ማለት፣ ትንሽ መድገሜ አይቀርም። እኔን የያዘኝ ግን ሙሉው ታሪክ አይደለም። አንዲት ደቂቃ ናት። ምናልባት ደቂቃም አትሞላም። አዛዡ ዛቴየቭ ሌተናንት ኮርቺሎቭን የጠየቀባት።

ቀኑ እ.ኤ.አ. ጁላይ 4፣ 1961 ነው። በእኛ ሰኔ 27፣ 1953። የታኅሣሥ ግርግር ዓመት ነው፤ እኛ ቤት የራሳችን ጣጣ ነበረብን። ኬ-19 ሰሜን አትላንቲክ ላይ ልምምድ ላይ ናት። 139 ሰው ይዛለች። ባለስቲክ ሚሳይል የታጠቀች የመጀመሪያዋ የሶቭየት የኒውክሌር ሰርጓጅ መርከብ ናት። ሊነጋጋ ሲል፣ ከሁለቱ ሪአክተሮች በአንዱ፣ በቀኝ በኩል ባለው፣ የማቀዝቀዣው ውሃ ግፊት ወረደ። ዜሮ ገባ።

ሪአክተሩ ወዲያው ጠፋ። መቆጣጠሪያ ዘንጎቹ ወረዱ፣ ሥራቸውን ሠሩ። ችግሩ ሪአክተር ጠፋ ማለት በረደ ማለት አለመሆኑ ነው። የከሰል እሳት ነበልባሉ ከጠፋ በኋላ አመድ ስር ፍሙ እንደሚቆየው ነው። ነዳጁ በራሱ መጋሉን ይቀጥላል። ውሃ ካላገኘ ደግሞ ይቀልጣል። ሙቀቱ ወደ 800 ዲግሪ እየወጣ ነበር። መጠባበቂያ የማቀዝቀዣ መስመር? የለም። አልተገጠመም። እንዲህ ያለ መርከብ ያለ መጠባበቂያ ባሕር ላይ ወጣ።

በዚያ ላይ የረጅም ርቀት ሬዲዮው አንቴና አይሠራም። ሞስኮን ጠርቶ «ምን ላድርግ?» ማለት የለም።

ከዚያ አንድ ሐሳብ መጣ። ከመርከቧ የንጹህ ውሃ ክምችት ቱቦ ስቦ፣ ሪአክተሩ ክፍል ውስጥ ገብቶ፣ በዚያው በብየዳ ማያያዝ። ሐሳቡ ጎበዝ ነው፣ ሠርቷልም። ግን መግባት አለ። ሪአክተሩ ያለበት ክፍል ገብቶ፣ ቆሞ፣ መበየድ። የለበሱትስ? የዝናብ ልብስና የጋዝ ጭምብል። የጨረር መከላከያ የሚባል ነገር መርከቧ ላይ አልነበረም። የዝናብ ልብስ ጨረርን ምን ያደርገዋል? ምንም።

በየተራ፣ ለደቂቃዎች ብቻ ይገባሉ ተባለ። ተራው የሌላ መኮንን ነበር። ኮርቺሎቭ «እኔ ልግባ» አለ። በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ያለ ልጅ ነው። ለዚያች መርከብም አዲስ ነው።

እና ዛቴየቭ ጠየቀው። የት እንደምትገባ ታውቃለህ ወይ አለው። እሱም መለሰ። አውቃለሁ፣ ጓድ አዛዥ።

ይኸው ነው። ይቺው ናት። ከዚያ በሩ ተከፈተ።

እኔ ይህችን ነገር መጀመሪያ ስሰማት በጀግንነት ነው የወሰድኳት። ሁላችንም እንዲያ ነው የምንወስዳት። ልጁ ያውቃል፣ እያወቀ ይገባል፣ እናለቅሳለን፣ ቀጣዩን ክፍል እናዳምጣለን። ቆይቶ ግን ጥያቄው ይከነክነኝ ጀመር። ቆይ፣ ዛቴየቭ ምን ብሎ ነው የጠየቀው? ልጁ «አላውቅም» ቢል ምን ሊያደርግ ነው? «በል እንግዲህ ውጣ፣ ሌላ ሰው እናምጣ» ሊለው ነው? ውሃውን የሚያስገባ ሰው የግድ ያስፈልጋል። ሪአክተሩ አይጠብቅም። የልጁ መልስ የሚቀይረው ነገር የለም። ታዲያ ለማን ነው የተጠየቀው?

አንዳንዴ «ለልጁ ነው» እላለሁ። ሰው እንደ ዕቃ ተገፍቶ እንዳይገባ። «አይቼሃለሁ» የማለት ያህል። ቢያንስ አንድ ሰው ዓይኑን አይቶ ጠይቆታል።

አንዳንዴ ደግሞ፣ በተለይ ማታ ማታ፣ «ለራሱ ነው» እላለሁ። ልጁ «አውቃለሁ» ካለ ውሳኔው የልጁ ሆነ። አዛዡ ላይ የነበረው ሸክም ግማሹ በዚያች ቃል ወደ ልጁ ትከሻ ተሻገረ። ይህን ስል ዛቴየቭን እየወቀስኩት አይደለም። እኔ ብሆን አፌም አይከፈት ይሆናል።

(ዝምታ)

ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ይህን ማን ነገረን? ዛቴየቭ ራሱ ነው። ኮርቺሎቭ ያን በር አልፎ ከወጣ በኋላ ሳምንት አልቆየም። ጁላይ 10 አረፈ። የወሰደው ጨረር ወደ 54 ሲቨርት ነው፤ ሲቨርት የጨረር መለኪያ ነው። ሰውን ለመግደል የዚያ አንድ አሥረኛው ይበቃል። ከክፍሉ ሲወጣ ወዲያው ነው ማስታወክ የጀመረው። ስለዚህ ያቺን ደቂቃ ይዞልን የመጣው የጠየቀው ሰው ነው። የመለሰው ሰው የለም። የተረፉትም ቢሆኑ ለዓመታት እንዳያወሩ ታዘው ነበር፤ ታሪኩ በይፋ የወጣው ሶቭየት ኅብረት ልትፈርስ ስትንገዳገድ ነው። አንድ ሰው ያን ያህል ዘመን አንዲት ጥያቄ ይዞ ሲቀመጥ፣ ጥያቄዋ መልኳን አትቀይርም? የእኔን እናት ጠይቋት። የሠርጓን ቀን ታሪክ በየዓመቱ ታሻሽለዋለች። ዘንድሮ ዝናብም ገብቶበታል።

እሺ፣ ወጣሁ። ይቅርታ።

ጥድፊያውን ካላነሳን ግን ደቂቃዋ አትገባንም። ስታሊን የኒውክሌር ሰርጓጅ እንዲሠራ የመጀመሪያውን ትእዛዝ የፈረመው በ1952 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። አሜሪካኖች ናውቲለስ የተባለችውን ሰርጓጃቸውን በጃንዋሪ 1955 በኒውክሌር ኃይል አንቀሳቀሱ። ሶቭየቶች እየተከተሉ ነው። ንድፉ የፔሬጉዶቭ፣ ሪአክተሩ የዶሌዣል፣ የሳይንሱ ኃላፊ አካዳሚሺያን አሌክሳንድሮቭ። ፕሮጀክት 627 ይባላል። ኬ-3፣ የመጀመሪያዋ የሶቭየት የኒውክሌር ሰርጓጅ፣ ከዚያ ወጣች።

እዚህ ላይ የምትወዱትን ልንገራችሁ። የመጀመሪያው ንድፍ ላይ የነበረው ትልቅ ቶርፔዶ ትዝ ይላችኋል? አንድ ቶርፔዶ። ከ20 ሜትር በላይ ርዝመት፣ 1.55 ሜትር ውፍረት፣ የኒውክሌር አረር የተሸከመ። የጠላት ወደብ አጠገብ ሄዶ እሱን መልቀቅ ነው ዕቅዱ። መርከቧ ለቶርፔዶው ተብላ ነው የተነደፈችው ማለት ይቻላል። የሚገርመው፣ ባሕር ኃይሉ አልተነገረውም። ምስጢር ነዋ! ቆይቶ አድሚራሎቹ ንድፉን ሲያዩት «ይሄ ነገር ወደቡ አጠገብ ሳይደርስ ይያዛል» አሉ። ተሰረዘ። ተራ ቶርፔዶ ተደረገላት። መርከቧን የሚነዱት ሰዎች ሳይጠየቁ ስለ መርከቧ ዓመታት ተሠራ። (ሳቅ) ይሄ ለኛ አገር ሰው አዲስ ነገር አይደለም።

ኬ-3 በኒውክሌር ኃይል ለመጀመሪያ ጊዜ የተንቀሳቀሰችው መቼ መሰላችሁ? ጁላይ 4፣ 1958። ልክ ከሦስት ዓመት በኋላ በዚያው ቀን ኬ-19 ላይ ያ ነገር ሆነ። አሌክሳንድሮቭ በዚያን ቀን መዝገብ ላይ ጻፈ፣ በአገሪቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ ድንጋይ ከሰልና ያለ ማዙት (ከባድ የነዳጅ ዘይት) እንፋሎት ለተርባይን ተሰጠ ብሎ። ደስ ይላል እኮ። እኔ ይህን ሳነብ ደስ ይለኛል። ሰዎቹ የምር ትልቅ ነገር ሠርተዋል። በ1962 ኬ-3 በበረዶው ስር ሰሜን ዋልታ ደረሰች፣ ክሩሽቼቭ ራሱ ሄዶ ሸለማቸው። አዛዡ ዢልትሶቭ የሶቭየት ኅብረት ጀግና ተባለ። በ1967 ደግሞ እዚያችው መርከብ ላይ እሳት ተነሳና 39 ሰው አለቀ። ያኔ ክሩሽቼቭም ሥልጣን ላይ የለም።

ምን ልል ነበር? አዎ፣ ጠርሙሱ።

ኬ-19 በ1959 ውሃ ላይ ስትወርድ የሻምፓኙ ጠርሙስ አልሰበር አለ ይባላል። ሁልጊዜ አንዳችሁ ትጽፉልኛላችሁ፣ «ጠርሙሱን ሳትጠቅስ!» እያላችሁ። እኔ ያን ወሬ አልወደውም። ለምን እንደሚወደድ ይገባኛል። ገዱ መጥፎ ነበር ካልን ያጠፋ ሰው የለም። ግን ስለ ተበላሸው የማቀዝቀዣ ቱቦ ከሚሰጡት ማብራሪያዎች አንዱን ስሙ። መርከቧ ስትሠራ፣ ከበላይ ሲበየድ ቱቦዎቹ በደንብ አልተሸፈኑም። የብየዳ ጠብታ ወደቀባቸው። በዓይን የማይታይ ስንጥቅ ሆነ። ስንጥቁ ባሕር ላይ ተከፈተ። ጠርሙስ አይደለም። ጠብታ ነው። ቀነ ገደብ ደርሶበት የቸኮለ ሰው ነው።

እና የሚያመኝ ምን እንደሆነ ታውቃላችሁ? ብየዳ ያበላሸውን በብየዳ ሊያስተካክሉ ነው የገቡት። ይህን ሳስብ እናደዳለሁ። እናደድና ደግሞ ማንን እንደምቆጣ ይጠፋኛል።

ስምንት ሰው በሦስት ሳምንት ውስጥ ሞተ። በእርሳስ በተለበጠ ሣጥን ነው የተቀበሩት። ሌሎችም በኋለኞቹ ዓመታት ተከተሉ። መርከቧ ግን ተጠግና ወደ ሥራ ተመለሰች! አሮጌውን የሪአክተር ክፍል ቆርጠው አዲስ አስገቡላት። መርከበኞቹ «ሂሮሺማ» አሏት። በ1972 እንደገና እሳት ተነሳባት፣ 28 መርከበኛ ሞተ፣ ሌሎች 12 ሰዎች ደግሞ ከኋላ ክፍል ተዘግቶባቸው ከሦስት ሳምንት በላይ በጨለማ ተቀመጡ። ያን ሌላ ቀን። እሱ ራሱን የቻለ ነው፣ ዛሬ ከነካሁት አንተኛም።

የእኛን ነገር ለሚጠይቁኝ፣ አዎ፣ ኖክራ፣ የዳህላኳ ደሴት። በ1977 ሶማሊያ ከበርበራ ስታስወጣቸው ሶቭየቶች ወደ ዳህላክ መጡ። ያኔ በኛ እጅ ነበር። የኒውክሌር ሰርጓጆቻቸውም ቀይ ባሕር ላይ፣ እዚያ፣ ይታደሱ ነበር።  ምጽዋ ባሕር ኃይል የነበሩ አባቶች ያሏችሁ፣ አባታችሁን አስወሩና ላኩልኝ። በድምፅ ቢሆን ይሻላል። ጽሑፋችሁን አውቀዋለሁ።

(ሳቅ)

ኮርቺሎቭ ጋ ልመለስ። ወይም፣ ማሙሽን ላንሳ። አላነሳም ብዬ ነበር። ስለ ጉዞው ታውቃላችሁ፣ አልደግመውም። ቦሌ ላይ፣ ሻንጣው ተመዝኖ፣ እኔም ያንኑ ጠየቅኩት። ቃል በቃል አይደለም። ግን ያንኑ ነው። «አውቃለሁ» አለኝ። እና ደህና ነው፣ ትናንትም ደውሏል፣ ጉንፋን ብቻ ነው ያለበት። ሪአክተር ውስጥ አልገባም። ታዲያ ምን አገናኘው? ምንም። ግን መልሱን ስሰማ ቀለለኝ። ያ መቅለል ነው ደስ ያላለኝ። ያ መቅለል ዛቴየቭም ላይ ነበር ወይ?

ተዉት፣ ይሄ አልሄደልኝም።

ዛቴየቭን ደግሞ ሳየው፣ በዚያው ቀን ሌላ ነገር አድርጓል። ሰው እንዳያምፅበት ፈርቶ የመርከቧን ትንንሽ የጦር መሣሪያ ወደ ባሕር አስጥሏል። ለሚያምናቸው ጥቂት መኮንኖች ሽጉጥ ብቻ አስቀረ። አንዳንዶቹ መርከቧን ያን ማየን ደሴት ላይ አስጠግተን እንውረድ እያሉ ነበር። እሱ እምቢ አለ። ናፍጣ ሰርጓጆቹ ወዳሉበት አቅጣጫ ሄደ፣ ኤስ-270 ደረሰላቸው፣ ሰዎቹ ተረፉ። ትክክል ነበር ማለት ነው። ከነዚያ መኮንኖች አንዱ ደግሞ አርኪፖቭ ነው። አዎ፣ ያው አርኪፖቭ። በዓመቱ፣ በኩባው ቀውስ፣ ቢ-59 በተባለችው ሰርጓጅ ላይ የኒውክሌር ቶርፔዶው እንዳይተኮስ ያለው። ኬ-19 ላይ ያየውን አይቶ ነው እዚያ የደረሰው። ሁለቱም፣ ዛቴየቭና አርኪፖቭ፣ በ1998 ኦገስት ሞቱ። በአንድ ወር። ከዚህ ምንም አላወጣም፣ ዝም ብዬ ነው የነገርኳችሁ።

እኔ ሳስበው ሳስበው አሁን አሁን የማስበው ስለዚያ ተራው ስለነበረው መኮንን ነው። ኮርቺሎቭ የተካው። ጥያቄው ሲጠየቅ የሰማ ይመስለኛል። ሰርጓጅ ውስጥ ማን የማይሰማው ነገር አለ? ምናልባት ዛቴየቭ ጮክ ብሎ የጠየቀው ሌሎቹ እንዲሰሙት ነው። ቀጥለው የሚገቡት እንዲያውቁ። ግን ይህን ካልኩ፣ ሰዎቹን እያስጠነቀቀ ነው ማለት ነው፣ የሚያምናቸው ሰዎች ናቸው ማለት ነው፣ ያኔ ደግሞ መሣሪያውን ወደ ባሕር ያስጣለበት ነገር ሌላ መልክ ይይዛል። ሰውን እያመንክ መሣሪያውን ትጥልበታለህ? ትጥላለህ ይሆናል። በአንድ ቀን ሁለቱንም ታደርጋለህ ይሆናል። ወይም ደግሞ ጠዋት አምኖ ከሰዓት… አይ፣ ሰዓቱን እንደገና ማየት አለብኝ፣ የቱ ቀደመ የሚለው…