በሩ ላይ የቆመው

የተከበራችሁ ታዳሚዎች፣ እንደምን አመሻችሁ።

አንድ ነገር አስቀድሜ ልናገር። ዛሬ የምጠራቸው ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው። ሰባት ልቀንስ፣ ስምንት ልቀንስ እያላችሁ እንዳትቸገሩ።

ስለ ባህር ኃይል ሲወራ ሁሉም ሰው መድፍና ጭስ ይጠብቃል። እኔ ግን የጦር መርከብ ባልሆነች አንዲት መርከብ ልጀምር። ቀኑ ኦገስት 5፣ 1914 ነው። ብሪታንያ በጀርመን ላይ ጦርነት ካወጀች ገና ጥቂት ሰዓታት አልፈዋል። "አለርት" የምትባል የቴሌግራፍ ኬብል መርከብ ከዶቨር ወደብ ወጣች። ሠራተኞቿ መንጠቆ ወደ ባህሩ ወለል ለቀቁ። ወፍራም ገመድ ጎትተው አወጡ፣ ቆረጡት፣ መልሰው ውሃው ውስጥ ጣሉት። ከዚያ ወደሚቀጥለው። ጀርመንን በእንግሊዝ ቻናል ስር ከሌላው ዓለም ጋር የሚያገናኙት ኬብሎች እንዲህ ተበጣጠሱ። አንድ ጥይት አልተተኮሰም።

የዚያ ሥራ ውጤት ጎልቶ የታየው ከሁለት ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ጃንዋሪ 1917 የጀርመን የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር አርተር ዚመርማን ለሜክሲኮ ምስጢራዊ መልዕክት መላክ ፈለገ። አሜሪካ ጦርነቱ ውስጥ ከገባች ከእኛ ጋር ቁሙ፣ ቴክሳስን፣ ኒው ሜክሲኮንና አሪዞናን ታስመልሳላችሁ የሚል ነበር። ችግሩ መላኪያው ነው። የራሱ ኬብል የለውም። ስለዚህ አሜሪካ ራሷ ለሰላም ንግግር እንዲሆን በፈቀደችው የዲፕሎማሲ መስመር ላከው። መስመሩ ደግሞ በብሪታንያ በኩል ያልፋል። የብሪታንያ ባህር ኃይል ምስጢር ፈቺዎች መልዕክቱን አገኙት፣ አነበቡት፣ ጊዜ ጠብቀው ለአሜሪካ አሳዩ። ኤፕሪል ላይ አሜሪካ ጦርነት አወጀች። በዚያ መልዕክት ብቻ ነው አልልም። የጀርመን ሰርጓጅ መርከቦች ያለ ማስጠንቀቂያ መርከብ ማስመጥ መጀመራቸውም አለ። ግን መንጠቆው የራሱን ሠርቷል።

ቋንቋችን "የባህር በር" ይላል። ይህን አባባል በጣም እወደዋለሁ። ባህር ሜዳ አይደለም፣ ግድግዳም አይደለም። በር ነው። የባህር ኃይል ዋና ሥራም ውጊያ አይደለም። በሩ ላይ መቆም ነው። ማን ይግባ፣ ማን ይውጣ፣ ማን ደጅ ይጥና የሚለውን መወሰን። ከበሩ ዱላ ይልቅ የበሩ መዘጋት የሚያመው ደግሞ እቤት ውስጥ ላለው፣ ባህር አይቶ ለማያውቀው ሰው ነው። ዛሬ የምለው ሁሉ ከዚህ አያልፍም።

ወደ ጥንት ልመለስ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ483 ገደማ አቴናውያን ላውሪዮን በሚባል ማዕድን ማውጫ ብዙ ብር አገኙ። የብዙው ሰው ሐሳብ ለዜጎች እንካፈለው የሚል ነበር። ሰው ሁሉ እጁን ዘርግቶ ሲጠብቅ ቴሚስቶክልስ የሚባል ፖለቲከኛ ተነሳና መርከብ እንሥራበት አለ። እስቲ አስቡት፣ እጅ ሊገባ የነበረን ገንዘብ ተዉ ብሎ ሕዝብ ማሳመን! አሳመናቸው። ከሦስት ዓመት በኋላ የፋርሱ ንጉሥ ሰርክሲስ አቴናን አቃጠላት። መርከቦቹ ግን ነበሩ። በሳላሚስ ጠባብ ውሃ ውስጥ ግዙፉ የፋርስ መርከብ ጦር ተጨናነቀ፣ ተሸነፈ። ንጉሡ ኮረብታ ላይ ዙፋን አስቀምጦ ይመለከት ነበር ይባላል።

እኔን የሚገርመኝ ቀዛፊዎቹ ናቸው። አንዷ መርከብ 170 ቀዛፊ ትፈልጋለች። እነሱም በአብዛኛው ጋሻና ጥሩር መግዛት የማይችሉ ድሆች ነበሩ። በእግረኛ ጦር ዘመን ማንም አይሰማቸውም። ከተማዋ በእነሱ ክንድ ስትኖር ግን ድምፃቸው በጉባኤ ከበደ። የአቴና ዴሞክራሲ የሰፋበት አንዱ ምክንያት መቅዘፊያ ነው።

ያው ባህር መልሶ ጣላት። አቴና እህሏን የምታመጣው ከጥቁር ባህር፣ ዛሬ ዳርዳኔልስ በምንለው ሰርጥ በኩል ነበር። በ405 ቅድመ ልደት የአቴና መርከቦች እዚያው ሰርጥ ዳር ተጎትተው ቆመው፣ ሰዎቹ ምግብ ፍለጋ ተበትነው ሳለ የጠላታቸው የስፓርታ አዛዥ ሊሳንደር ደረሰባቸው። ሁሉንም ለማለት ይቻላል ወሰደ። ውጊያ ለማለት እንኳ ይከብዳል። ከዚያ በኋላ ስፓርታ የአቴናን ግንብ መስበር አላስፈለጋትም። እህሉ ቆመ፣ ረሃቡ ገባ፣ በሚቀጥለው ዓመት ከተማዋ እጅ ሰጠች። ግንቡን በዋሽንት ሙዚቃ ታጅበው ነው ያፈረሱት።

በር መያዝን ከፖርቱጋሎች በላይ የተረዳው ያለ አይመስለኝም። ከእነሱ በፊት፣ ከ1405 እስከ 1433፣ የቻይናው አድሚራል ዠንግ ሄ ሰባት ጊዜ እጅግ ግዙፍ መርከቦችን እየመራ እስከ ምሥራቅ አፍሪካ ዳርቻ የደረሰ ጉዞ አድርጓል። ከዚያ ቻይና ራሷ ተወችው። ፖርቱጋሎች ወደ ህንድ ውቅያኖስ ሲመጡ ጥቂት ነበሩ። ትልቅ ምድር ለመያዝ ሰውም አቅምም የላቸውም። ስለዚህ በር በሩን ያዙ። ጎዋን በ1510፣ ማላካን በ1511፣ ሆርሙዝን በ1515። ከዚያ በኋላ ነጋዴው የይለፍ ወረቀት ከእነሱ መግዛት ነበረበት።

በር ላይ መቆም ግን ቀላል አይደለም። መርከበኛው ወር ሙሉ ምድር ሳይረግጥ ይቆያል። ድዱ ያብጣል፣ ጥርሱ ይረግፋል፣ የድሮ ቁስሉ መልሶ ይከፈታል። ስከርቪ የሚባለው፣ ትኩስ ፍራፍሬና አትክልት ከማጣት የሚመጣ በሽታ ነው። ከጠላት መድፍ የበለጠ መርከበኛ የጨረሰው እሱ ነው። በ1747 ጄምስ ሊንድ የሚባል የመርከብ ሐኪም 12 ሕሙማንን ሁለት ሁለት አድርጎ ከፈለ። ለአንዱ ጥንድ ኮምጣጤ፣ ለአንዱ የባህር ውሃ፣ ለአንዱ በየቀኑ ሁለት ብርቱካንና አንድ ሎሚ እያለ ሰጣቸው። ብርቱካንና ሎሚ የበሉት በሳምንት ውስጥ ተነሱ። የብሪታንያ ባህር ኃይል የሎሚ ጭማቂ በደንብ ማደል የጀመረው መቼ ይመስላችኋል? በ1795። 48 ዓመት! ቢሮክራሲ ውሃ ላይም ቢሮክራሲ ነው። ከዚያ በኋላ ግን የብሪታንያ መርከቦች በፈረንሳይ ወደቦች ደጃፍ ወራትን መቆም ቻሉ። በናፖሊዮን ላይ በሩን የዘጋው መድፍ ብቻ አይደለም፣ ሎሚም ጭምር ነው።

ትራፋልጋርን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ኦክቶበር 21፣ 1805፣ 27 የብሪታንያ መርከቦች ከ33 የፈረንሳይና የስፔን መርከቦች ጋር ተዋጉ፣ አንድም ሳይጠፋባቸው አሸነፉ፣ አዛዣቸው ኔልሰን ግን ሞተ። ዋናው ነገር የተከተለው ነው። ናፖሊዮን የባህሩ በር ሲዘጋበት የየብሱን በሮች ሁሉ በብሪታንያ ላይ ልዝጋ አለ። በ1806 አውሮፓ ከእሷ ጋር እንዳይነግድ ከለከለ። ፖርቱጋል እምቢ ስትል ወረራት። ሩሲያ ስትሾልክ በ1812 ወደ ሞስኮ ዘመተ። ባህር ላይ ያጣውን በረዶ ውስጥ ፍለጋ ሄደ።

ሩሲያ ደግሞ የራሷ ተራ ደረሰ። ይህን ታሪክ ረዘም አድርጌ ልንገራችሁ፣ ምክንያቱም የባህር ኃይል ማለት መርከብ ብቻ እንዳልሆነ እንደሱ የሚያሳይ የለም። በ1904 ጃፓንና ሩሲያ ጦርነት ላይ ናቸው። የሩሲያ ዛር የባልቲክ መርከቦቹን ግማሽ ዓለም ዞረው ጃፓንን እንዲገጥሙ ላከ። ገና በሰሜን ባህር ላይ እያሉ፣ በሌሊት፣ ጭጋግ ውስጥ የእንግሊዝ ዓሣ አጥማጆችን የጃፓን ቶርፒዶ ጀልባዎች መስለዋቸው ተኮሱባቸው። እርስ በርሳቸውም ተታኮሱ። ከብሪታንያ ጋር ጦርነት ሊገጥሙ ለጥቂት ነው የተረፉት።

ከዚያ የድንጋይ ከሰሉ ጣጣ መጣ። የዚያን ዘመን መርከብ ከሰል ትበላለች፣ አትጠግብም። በመንገዱ ላይ ያሉት ምርጥ የከሰል ወደቦች የብሪታንያ ናቸው። ብሪታንያ ደግሞ ከ1902 ጀምሮ የጃፓን አጋር ነች። ሩሲያውያን ከጀርመን የጭነት መርከቦች እየገዙ፣ በጆንያ እየተሸከሙ፣ በሞቃት ባህር ላይ ጫኑ። ቀጣዩን ከሰል የት እንደሚያገኙ ስለማያውቁ ከመጋዘኑ አልፈው በረንዳው ላይ፣ መኝታ ክፍል ውስጥ ሳይቀር ከመሩት። አቧራው ምግባቸው ውስጥ ገባ። ማዳጋስካር ላይ ከሁለት ወር በላይ ተቀመጡ። እዚያ ሳሉ ሊያድኑት የወጡት የሩሲያ የጦር ወደብ ፖርት አርተር በጃፓን እጅ መውደቁ ተሰማ። ከአገራቸው በተነሱ ከሰባት ወር በኋላ፣ ሜይ 27፣ 1905፣ ቱሺማ ሰርጥ ላይ የጃፓኑ አድሚራል ቶጎ አርፎ፣ ወልውሎ፣ ተዘጋጅቶ ይጠብቃቸው ነበር። በሁለት ቀን ውስጥ የሩሲያ መርከቦች አለቁ። ጃፓን ያጣችው ሦስት ትናንሽ ቶርፒዶ ጀልባዎች ነው።

አንድ የእስያ አገር አንድን የአውሮፓ ኃያል በዘመናዊ መርከብ ድባቅ መታ። ወሬው በቅኝ ግዛት ስር ያለውን ሕዝብ ሁሉ ቀና አደረገው። ሩሲያ ውስጥ በዚያው ዓመት የተነሳው አመፅ ተባባሰ። ብሪታንያም መርከቦቿን ከከሰል ወደ ነዳጅ ስታዛውር፣ በ1914 መንግሥቷ በፋርስ ነዳጅ ከሚያወጣው ኩባንያ አብላጫውን ድርሻ ገዛ። ከዚያ ወዲህ የባሕረ ሰላጤው ፖለቲካ ሰላም አግኝቶ አያውቅም ብል ብዙ አላጋነንኩም።

አሁን የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ላይ ልመለስ። ሜይ 31፣ 1916 ጀትላንድ ላይ ታላላቆቹ የብሪታንያና የጀርመን መርከቦች ተጋጠሙ። በተቆጠረው ኪሳራ ካየነው ጀርመኖች በልጠዋል፤ ካሰጠሙት ያነሰ ነው የሰጠመባቸው። ከዚያ ወደ ወደባቸው ተመለሱ። ብሪታንያ በጀርመን ላይ የዘጋችው የባህር በር ያው ተዘግቶ ቀረ። በተከተለው የብርድ ወራት የጀርመን ከተሞች ድንች አጥተው ለከብት በሚሰጥ ሥራሥር ኖሩ። በ1918 መጨረሻ ላይ መርከበኞቹ ለመጨረሻ ውጊያ ውጡ ሲባሉ እምቢ አሉ፣ ኪል ወደብ ላይ አመፁ፣ ኖቬምበር 9 ካይዘሩ፣ ማለትም ንጉሠ ነገሥቱ፣ ከዙፋን ወረደ። እገዳው ግን ተኩስ ከቆመም በኋላ እስከ 1919 አጋማሽ ቀጠለ። የባህር እገዳ ከየብስ ጦርነት ይልቅ ንፁህ ነው የሚሉ አሉ። አልስማማም። ደሙ አይታይም እንጂ የሚሞተው ሕፃኑና ሽማግሌው ነው።

በዲፕሎማሲ ውስጥ ደግሞ መርከብ እንደ ቃል ያገለግላል። በ1962 ሶቪየት ኅብረት ኩባ ላይ ሚሳይል ስትተክል የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ኬኔዲ መርከቦቹን ላከ። ድርጊቱን ግን "እገዳ" አላለውም፣ "ኳራንቲን" አለው። እገዳ በዓለም አቀፍ ሕግ የጦርነት ድርጊት ነውና። መርከቦቹ ያው ናቸው፣ ስሙ ተለወጠ። ያ የስም ለውጥ ለሁለቱም ወገን ማሰቢያ ጊዜ ሰጠ።

ወደ እኛ ዘመን ስንመጣ የተለወጠ ነገር አለ። በሩን መዝጋት ረክሷል። ኤፕሪል 2022 ዩክሬን፣ የረባ የጦር መርከብ ሳይኖራት፣ የሩሲያን ጥቁር ባህር መሪ መርከብ "ሞስክቫ"ን በሚሳይል መታሁ አለች፤ ሩሲያ እሳት ነው ብትልም መርከቧ ሰጠመች። ከኖቬምበር 2023 ጀምሮ የየመን ሁቲዎች በድሮንና በሚሳይል ቀይ ባህር ላይ መርከብ ማጥቃት ሲጀምሩ ትላልቆቹ የመርከብ ኩባንያዎች ስዊዝን ትተው በመልካም ተስፋ ርዕስ በኩል አፍሪካን መዞር ጀመሩ። የአሜሪካና የአጋሮቿ የጦር መርከቦች እዚያው ቆመው ነው ይህ የሆነው። መዝጋት ርካሽ ሆነ፣ ማስከፈት ግን እንደ ድሮው ውድ ነው። ከዓለም ንግድ በመጠን ከ80 በመቶ በላይ የሚጓዘው በባህር ስለሆነ ሂሳቡ ዞሮ ሸማቹ ላይ ያርፋል።

"አለርት"ን ታስታውሳላችሁ? ዛሬ ከአህጉር ወደ አህጉር የሚሄደው የኢንተርኔት መረጃ ከሞላ ጎደል በሙሉ የሚያልፈው በባህር ወለል በተዘረጋ ኬብል ነው። በጥልቁ ባህር ውስጥ ውፍረቱ አትክልት ከምናጠጣበት ጎማ አይበልጥም። ኦክቶበር 2023 ባልቲክ ባህር ላይ በፊንላንድና በኢስቶኒያ መካከል ያለ የጋዝ ቧንቧ ተሰበረ፤ የስልክና የኢንተርኔት ኬብሎችም ተጎዱ። የፊንላንድ መርማሪዎች ወርደው ሲያዩ የባህሩ ወለል ላይ ረጅም የመጎተት ፋና አገኙ። ፋናውን ተከትለው ሄዱ። ጫፉ ላይ ከአንዲት የንግድ መርከብ የወደቀ መልህቅ ተኝቶ ነበር።

ስለሰማችሁኝ አመሰግናለሁ። ጥያቄ ያለው ካለ፣ አለሁ።