ዱላውና ድምፁ፦ የድሮ የሜክሲኮ ኦርኬስትራ ፊልም በትክክል ስለ ማሳየት

የተከበራችሁ የፊልምና የሙዚቃ ወዳጆች፣

የአሥር ደቂቃ የኦርኬስትራ ፊልም ስናይ ድምፁ ከሻከረ ወይም ምቱ ከተዛባ «ዘመኑ ነው» ብለን እናልፈዋለን። አብዛኛውን ጊዜ ግን ጥፋቱ ከማሳያ መሣሪያው ነው፤ ሙዚቀኞቹ ያለ በደላቸው ይወቀሳሉ።

በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1930 ኤክስ ኢ ደብልዩ ሬዲዮ በሜክሲኮ ሲቲ ሥራ ጀመረ። በ1932 ደግሞ የሮድሪጌዝ ወንድማማቾች በራሳቸው መሣሪያ ድምፁን የቀዱት «ሳንታ» የተባለው ፊልም ለሕዝብ ታየ። ከዚያ ወዲህ የዳንስ ኦርኬስትራው በሬዲዮም በሲኒማም ይሰማ ጀመር። የኦርኬስትራ መሪው ሉዊስ አርካራስ የትልልቅ ጃዝ ባንዶችን አደረጃጀት ከቦሌሮ (ከዝግተኛው የፍቅር ዘፈን) ጋር አዋሐደ፤ ከኩባ የመጣው ፔሬዝ ፕራዶም በ1949 ሜክሲኮ ውስጥ ማምቦ የተባለውን የዳንስ ሙዚቃውን ሲቀዳ ትራምፔቶቹ በቀጭን ከፍተኛ ድምፅ፣ ሳክስፎኖቹ በወፍራም ዝቅተኛ ድምፅ እንዲጫወቱ አደረገ። ይህን የድምፅ ከፍታና ዝቅታ ለመስማት ማሽኑ መስተካከል አለበት።

በ35 ሚሊሜትር ፊልም ድምፁ በፊልሙ ጠርዝ ላይ ከራሱ ምስል 20 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ቀድሞ ይታተማል፤ በ16 ሚሊሜትር 26 ፍሬም። ምስሉ በፕሮጀክተሩ የብርሃን መስኮት ፊት በሰከንድ 24 ጊዜ እየቆመ ያልፋል፤ ድምፁ ግን ሳይቆም በእኩል ፍጥነት መነበብ ስላለበት ሁለቱ አንድ ቦታ ላይ ሊነበቡ አይችሉም። በሁለቱ ቦታዎች መካከል የሚተወው ልል የፊልም እጥፋት ከረዘመ ድምፁ ይዘገያል፣ ካጠረ ይቀድማል። የሁለት ፍሬም ስህተት እንኳ ወደ 0.08 ሰከንድ ስለሚጠጋ በከበሮ ላይ ይታወቃል።

ስለዚህ ዓይናችሁን የድራም መቺው ዱላ ላይ አድርጉ። ልዩነቱ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ ዓይነት ከሆነ እጥፋቱን አስተካክሉ። በየትዕይንቱ ከተለዋወጠ ግን ሙዚቃው አስቀድሞ ተቀድቶ ሙዚቀኞቹ በላዩ አስመስለው እየተጫወቱ ነው፤ ያንን ተዉት፣ የፊልሙ አሠራር ታሪክ ነው።

የድምፅ ፍጥነት መዋዠቅን ለመያዝ ደግሞ ትራምፔት አትስሙ፤ ነፊው ራሱ ድምፁን ስለሚያንቀጠቅጥ ጉድለቱን ይሸፍነዋል። ረዘም ብሎ የሚቆይ የፒያኖ ድምፅ ምረጡ። እሱ ከተወዛወዘ ድምፁ ሲነበብ ፊልሙ የሚዞርበት የማሽኑ ሲሊንደር ቆሽሿል ወይም ፊልሙ ተኮማትሯል። ነሐስ መሣሪያዎቹ ከደነዘዙ ድምፁ በብርሃኑ የሚነበብበት አምፖል ሌንስ ተበክሏል፣ አለዚያም ትኩረቱ ተዛብቷል። መጀመሪያ አጽዱ። የላይኛውን ድምፅ በማጉያ መጨመር አይረዳም፤ በዚያ ዘመን ፊልም ከ8,000 ኸርዝ በላይ የቀረው ባብዛኛው ፉጨት ነው።

ከ1950ዎቹ መጀመሪያ በፊት የተሠራ 35 ሚሊሜትር ፊልም ናይትሬት (በቀላሉ የሚቀጣጠል የድሮ የፊልም ዓይነት) ሊሆን ይችላል። ናይትሬት ውኃ ውስጥ እንኳ ይነዳልና ተራ ፕሮጀክተር ላይ አይጫንም። ኮምጣጤ የሚሸት አሲቴት የተባለው ሌላው የፊልም ዓይነትም ከሌሎቹ ይለይ፤ ጠርዙ ከተኮማተረ ቀዳዳዎቹ በፕሮጀክተሩ ጥርሶች ይቀደዳሉና ከማሳየቱ በፊት በስካነር ይቀዳ። የሜክሲኮ ብሔራዊ ሲኒማቴክ በ1982 በእሳት ሲጋይ ብዙ ፊልም ጠፍቷል። ስለዚህ መሳቢያ ውስጥ ያለች አንዲት 16 ሚሊሜትር ቅጂ ብቸኛዋ ልትሆን ትችላለች፤ ሳይመረመር አንድም ሜትር አይቆረጥባት።