ልጅ ምን ይዞ ይወለዳል? የአንድ ፈተና ጉዞ ከፓሪስ ወደ እንግሊዝ

(ምስል፦ ባዶ የመማሪያ ክፍል። ተራኪው ይጀምራል።)

ጤና ይስጥልኝ። አንድ ትምህርት ቤት ሊከፈት ሲታሰብ መጀመሪያ የሚወሰነው ምንድን ነው? ብዙ ሰው ሥርዓተ ትምህርቱ ይላል። እኔ ከዚያም የሚቀድም ነገር አለ ባይ ነኝ። ልጅ ምን ዓይነት ፍጥረት ነው የሚለው እምነት ይቀድማል። ችሎታው ሲወለድ ተቆርጦ ያለቀለት ነው ብሎ የሚያምን ሰው የሚሠራው ትምህርት ቤት አለ። ችሎታ ያድጋል ብሎ የሚያምን ሰው ደግሞ ሌላ ይሠራል። ይህን በአንድ ፈተና ታሪክ ላሳያችሁ። የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

(ምስል፦ የድሮ ፓሪስ ፎቶዎች)

ፈረንሳይ በ1882 የአንደኛ ደረጃ ትምህርትን ግዴታ አደረገች። ልጅ ሁሉ ትምህርት ቤት ገባ። ወዲያው አንድ ችግር ታየ። ከክፍሉ ጋር እኩል መራመድ ያቃታቸው ልጆች ነበሩ። ማን የተለየ እገዛ እንደሚያስፈልገው በምን ይታወቅ? ሥነ ልቦና ያጠና የነበረው አልፍሬድ ቢኔ ከሐኪሙ ቴዎዶር ሲሞን ጋር ሆኖ በ1905 አንድ መለኪያ አወጣ። ሠላሳ አጫጭር ሥራዎች ነበሩበት። ዛሬ የአይኪው ፈተና የምንለው የብልህነት መለኪያ የተወለደው ከዚያ ነው።

እዚህ ላይ ቆም ልበል፤ ቢኔ ራሱ ስለ ፈተናው ያሰበው ነገር በጣም ተረስቷልና። ለእሱ ውጤቱ የመነሻ ምልክት ነበር። ልጁ ዛሬ የት እንዳለ ያሳያል፤ ነገ የት እንደሚደርስ አይናገርም። በ1909 ባሳተመው መጽሐፍ ብልህነት የማይጨምር የማይቀንስ ነገር ነው የሚሉትን ሰዎች ፊት ለፊት ተቃወመ። ይህን አስተሳሰብ ጭካኔ ያለበት ተስፋ መቁረጥ ብሎ ጠራው፤ ልንቃወመው ይገባልም አለ። ነገሩ በራሱ ላይ ደርሶበታል። ተማሪ ሳለ አንድ ፈታኝ፣ አንተ መቼም የፍልስፍና አእምሮ አይኖርህም ብሎት ነበር። ያቺን «መቼም» የምትል ቃል አልረሳትም።

በንግግር ብቻም አልቆመም። ወደኋላ ለቀሩ ልጆች ልምምዶች አዘጋጀ። አንዱ የሐውልት ጨዋታ ነው። ምልክት ሲሰጥ ልጆቹ ባሉበት ደርቀው ይቆማሉ፤ እስኪለቀቁ አይንቀሳቀሱም። እንደ ቀልድ ይመስላል፤ ግን ትኩረትን ያሠለጥናል። ልጅ ከሒሳብ በፊት መቀመጥን፣ ማዳመጥን፣ መታገስን መማር አለበት ብሎ ያምን ነበር። እኔ በበኩሌ ከፈተናው ይልቅ ይህ ሥራው የሚበልጥ ይመስለኛል።

ቢኔ በ1911 ሞተ። ፈተናው ግን አትላንቲክን ተሻገረ። አሜሪካ ውስጥ የስታንፎርዱ ሉዊስ ተርማን በ1916 አሻሽሎ አወጣው። ተርማን ብልህነት በአብዛኛው በዘር የሚወረስ ነው ብሎ ያምን ነበር። ስለዚህ ያው መለኪያ ሌላ ትርጉም ያዘ። መነሻ የነበረው ቁጥር ፍርድ ሆነ።

(ምስል፦ የእንግሊዝ ካርታ፣ 1943)

አሁን ወደ እንግሊዝ። በጦርነቱ መሀል፣ በ1943፣ በሲረል ኖርዉድ የሚመራ ኮሚቴ ስለ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ሪፖርት አወጣ። ሪፖርቱ ሦስት ዓይነት ልጅ አለ ይላል። ዕውቀትን ስለ ዕውቀት የሚወድ አለ፤ ወደ ተግባራዊ ሳይንስና ጥበብ የሚያዘነብል አለ፤ ከሐሳብ ይልቅ የሚጨበጥ ነገር የሚቀለውም አለ። እንግዲያው ሦስት ዓይነት ትምህርት ቤት ይኑር። ለዚህ ክፍፍል የሥነ ልቦና ጥናት አላቀረበም፤ የመምህራን ልምድ ያሳያል ነው የሚለው። ሐሳቡ ግን ጥንታዊ ነው። ፕላቶ ለዜጎች ይነገር ያለው ተረት አለ፤ አንዳንዱ ሲፈጠር ወርቅ ተቀላቅሎበታል፣ አንዳንዱ ብር፣ የቀረው ብረትና ነሐስ የሚል። ፕላቶ እንኳ ተረት መሆኑን አልደበቀም። ከወርቅ ወላጅ ብረት፣ ከብረት ወላጅ ወርቅ ሊወለድ ይችላልም ብሏል።

የ1944ቱ የትምህርት ሕግ ወጣ። ልጆች 11 ዓመት ገደማ ሲሆናቸው «ኢሌቨን ፕላስ» የሚባል ፈተና ይቀመጣሉ። ያለፈው ግራመር ትምህርት ቤት ይገባል፤ ከዚያ ወደ ዩኒቨርሲቲ መንገዱ ክፍት ነው። ይህ ዕድል የደረሰው ከአራት ወይም ከአምስት ልጆች ለአንዱ ነበር። አብዛኛው ላላለፉት የተመደበው፣ ሴኮንደሪ ሞደርን የሚባለው ትምህርት ቤት ውስጥ ገባ። ቴክኒክ ትምህርት ቤቶቹማ እዚህም እዚያም ካልሆነ አልተሠሩም። ሦስት ዓይነት ነው የተባለው ልጅ ሁለት ዓይነት ሆኖ ቀረ፤ ያለፈና የወደቀ።

ከዚህ ሁሉ ጀርባ ሲረል በርት የሚባል የሥነ ልቦና ሊቅ አለ። ብልህነት ከውልደት የሚመጣ፣ በፈተና የሚለካ ነው ብሎ ለብዙ ዓመት አስተማረ። «ሰር» የሚል ማዕረግም ተሰጠው። በ1971 ከሞተ በኋላ ተመራማሪዎች ብልህነት ይወረሳል ለማለት ማስረጃ ያደረጋቸውን የመንትዮች ጥናት ቁጥሮች ሲመረምሩ ሊታመኑ የማይችሉ ሆነው አገኟቸው። ሆን ብሎ ፈጥሯቸዋል ወይስ አልፈጠረም የሚለው ክርክር ዛሬም አልተዘጋም።

ቁጥሮቹን እንኳ ብንተው፣ አሠራሩ ራሱን በራሱ ያጋለጠባቸው ቦታዎች አሉ። የግራመር ቦታ በየአካባቢው እኩል አልነበረም። አንዳንድ ቦታ ከአሥር ልጅ ለአንዱ ብቻ ይደርሳል፤ ዌልስ ውስጥ ባሉ አንዳንድ አውራጃዎች ግን ለአራትና ከዚያ በላይ ይደርስ ነበር። ወሰን ስትሻገር የልጅ ተፈጥሮ ይለወጣል እንዴ? በብዙ አካባቢ ደግሞ ሴት ልጆች ከወንዶቹ የተሻለ ውጤት ያመጡ ነበር። ቁጥሩን ለማመጣጠን ተብሎ ለሴቶች የማለፊያ ነጥብ ከፍ ተደረገ። ይህ በጣም ያስቆጣኛል። ተፈጥሮን ብቻ እንለካለን ያለ ሥርዓት፣ ልኬቱ ያልጠበቀውን ሲነግረው ሚዛኑን አዛባ።

በ1950ዎቹ ደግሞ ፊሊፕ ቨርነን የተባለ የሥነ ልቦና ምሁር ሌላ ነገር አሳየ። ልጅ ለፈተናው ከተለማመደ ነጥቡ ይጨምራል። ተወልዶ ያለቀ ነገር በልምምድ ባልጨመረ ነበር።

(ምስል፦ የ1963 የጋዜጣ ገጾች)

በ1963 የኒውሰም ሪፖርት ወጣ። የሚያወራው አማካይና ከዚያ በታች ናቸው ስለተባሉት ልጆች ነው። የትምህርት ሚኒስትሩ ኤድዋርድ ቦይል መቅድሙን ጻፈ። ልጆች ሁሉ ብልህነትን የማግኘት እኩል ዕድል ሊኖራቸው ይገባል አለ። ማግኘት! ቦይል የወግ አጥባቂው ፓርቲ ሰው ነው፤ ያም ሆኖ የሚገኝና የሚጨምር ነገር መሆኑን ተቀበለ። ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በተቀናቃኙ የሌበር ፓርቲ መንግሥት ዘመን፣ ልጆችን ሳይለዩ የሚቀበሉ ትምህርት ቤቶች እንዲታቀዱ ለአካባቢ አስተዳደሮች ደብዳቤ ተላከ።

ግራመር ትምህርት ቤቶች ግን አልጠፉም። ዛሬም እንግሊዝ ውስጥ ከ160 በላይ አሉ፤ ኬንት በሚባለው አውራጃ ውስጥ ፈተናው ይሰጣል። ሁሉን በሚቀበሉት ትምህርት ቤቶችም ቢሆን ለሒሳብ ልጆችን በችሎታ ለይቶ ማስቀመጥ የተለመደ ነው። እዚያ አገር ልጅ የምታስተምሩ ወላጆች ካላችሁ፣ የወላጆች ስብሰባ ላይ ይህን ጠይቁ፦ ባለፈው ዓመት ከታችኛው ቡድን ወደ ላይኛው ስንት ልጅ ተዛወረ? አንድም ካልተዛወረ፣ ለምን እንደሆነ አስረዱን በሉ።