9 ሚሊዮኑ ግብር የት ገባ?

አንድ ኩባንያ በትርፍና ኪሳራ መግለጫው ላይ የግብር ወጪዬ 12 ሚሊዮን ነው ይላል። ለግብር ሰብሳቢው የከፈለው ግን 3 ሚሊዮን ብቻ ነው። 9 ሚሊዮኑ የት ገባ? ተበላ እንዳትሉ። ሁሉም በሕጉ መሠረት ነው።

ኩባንያው በ100 ሚሊዮን ማሽን ገዝቷል። በራሱ መዝገብ የእርጅና ቅናሹን፣ ማለትም ማሽኑ እያረጀ ሲሄድ ከዋጋው በየዓመቱ ወጪ ተብሎ የሚቀነሰውን፣ ለ5 ዓመት አከፋፈለው፤ በዓመት 20 ሚሊዮን። የግብር ሕጉ ደግሞ በ2 ዓመት ቀንሶ እንዲጨርስ ፈቀደለት፤ በዓመት 50 ሚሊዮን። ከእርጅና ቅናሽ በፊት ያለው ትርፍ በየዓመቱ 60 ሚሊዮን ነው እንበል፤ ሁሉም በጥሬው የገባ። ግብሩ 30 በመቶ።

(ስክሪኑ ላይ፦ ሁለት ዓምዶች ጎን ለጎን)

በመዝገቡ ከ60 ላይ 20 ሲነሳ 40 ይቀራል፤ ግብሩ 12። በግብር ሕጉ 50 ሲነሳ 10 ይቀራል፤ ግብሩ 3። ልዩነቱ 9 ሚሊዮን የተላለፈ የግብር ዕዳ፣ ማለትም ወደፊት የሚከፈል ግብር ሆኖ ይመዘገባል። በሁለተኛው ዓመት 18 ይደርሳል። ከዚያ በኋላ ለግብር የሚቀነስ እርጅና የለም። መዝገቡ 12 እያለ የሚከፈለው 18 ይሆናል። ዕዳው በየዓመቱ 6 እየቀነሰ በአምስተኛው ዓመት ያልቃል። ያለ ወለድ የተገኘ ብድር በሉት። ቶሎ ቶሎ ማሽን የሚገዛ ኩባንያ ጋ ግን አንዱ ሳያልቅ ሌላው ስለሚተካ፣ ዕዳው ለዓመታት ላይቀንስ ይችላል።

(ስክሪኑ ላይ፦ 28 + 20 + 9 = 57)

በጥሬው የገባውንና የወጣውን ወደሚያሳየው የጥሬ ገንዘብ ፍሰት መግለጫ እንምጣ። የመጀመሪያው ዓመት የተጣራ ትርፍ 28 ነው። ማሽኑ ስላረጀ ከካዝና የወጣ ነገር የለም፤ 20 ይመለሳል። ያልተከፈለው ግብር 9 ይደመራል። 57። እውነት ነው? 60 ገባ፣ 3 ለግብር ወጣ። ልክ ነው።

ግን በ57 አትታለሉ። የማሽኑ 100 ሚሊዮን ገና ሲገዛ ወጥቷል፤ የተጻፈው ዝቅ ብሎ ኢንቨስትመንት የሚለው ክፍል ውስጥ ነው። ብዙ ሰው እዚያ ድረስ አያነብም።

የግብር መጣኔው ሲቀየር ደግሞ ጉድ ይታያል። በ2017 እ.ኤ.አ. መጨረሻ አሜሪካ የኩባንያ ግብርን ከ35 ወደ 21 በመቶ አወረደች። መጣኔው ሲወርድ ወደፊት የሚከፈለው ዕዳም ያንሳል። ትልቅ የተላለፈ የግብር ዕዳ የነበረበት የዋረን ባፌት ኩባንያ በርክሻየር ሃታዌይ የዚያ ዓመት የተጣራ ሀብቱ በ65 ቢሊዮን ዶላር ሲያድግ፣ 29 ቢሊዮኑ ከሕጉ ለውጥ የመጣ ነበር። የአሜሪካው ባንክ ሲቲግሩፕ ግን በተቃራኒው ወገን ነበር፤ ያለፈ ኪሳራውን ወደፊት ከግብር ላይ እቀንሳለሁ ብሎ እንደ ሀብት ይዞት ነበር። መጣኔው ሲወርድ የዚያ ሀብት ዋጋም አብሮ ወረደ። 22 ቢሊዮን ዶላር ገደማ ወጪ መዘገበ፤ አብዛኛው ከዚሁ የመጣ፣ ከካዝናው ግን ሳንቲም ያልወጣበት።