«ቀድሜ የገባሁት እኔ ነኝ»፦ የአድማጮች ጥያቄና መልስ

ዛሬ ከጅማ የገቡትን ጥያቄዎች እንመልሳለን። ሁሉም የመጡት የመንግሥት ሕፃናት ማቆያ ላይ ከሚሠሩ እህቶች ነው፤ ጉዳያቸውም የደረጃ እድገት ነው።

ከሂርማታ የደወሉ እናት፦ በጽዳት 14 ዓመት ሠርቼ ማቆያው ሲከፈት ወደዚያ ተዛወርኩ። አሁን የአስተባባሪነቱን ቦታ 6 ዓመት ብቻ ያላት ልጅ ወሰደችው። ሲኒየሯ እኔ አይደለሁም ወይ?

መልስ፦ ንዴትዎ ይገባኛል። 14 ዓመት ቀላል አይደለም። ግን ጠቅላላ አገልግሎት ሌላ፣ ለቦታው አግባብነት ያለው የሥራ ልምድ ሌላ ነው። የጽዳቱ ዓመት ለጡረታዎ ይታሰባል። ለእድገት ግን መጀመሪያ የሚታየው ማስታወቂያው ላይ የተጻፈው ተፈላጊ ችሎታ ነው። «በሕፃናት እንክብካቤ» የሚል ከሆነ የጽዳቱ ዓመት ላይያዝልዎ ይችላል።

ይህ ጭቅጭቅ እዚህ ሙያ ላይ የበዛው ሥራው ራሱ ገና አዲስ ስለሆነ ነው። በፌዴራል ደረጃ መሥሪያ ቤቶች ለሠራተኛ እናቶች ማቆያ እንዲያዘጋጁ ያዘዘው አዋጅ ቁጥር 1064 የወጣው በ2010 ዓ.ም. ነው። ማቆያ ሲከፈት ሠራተኛው ከየት መጣ? ከጽዳት፣ ከተላላኪነት፣ ከመዝገብ ቤት። እና ሁሉም «እኔ እበልጣለሁ» ቢል፣ ሁሉም በራሱ ቆጠራ እውነቱን ነው።

አንድ ነገር ግን ይፈትሹ። መደብዎ ጽዳት እያለ ሕፃናት እንዲይዙ በደብዳቤ ተመድበው ከነበረ፣ ያንን ደብዳቤ ከማህደርዎ ያስወጡና ያቅርቡ። በቃል ከታዘዙ ግን የሚያሳዩት ነገር የለም። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው። ሴትየዋ ስታጥብ፣ ስታስተኛ፣ ትኩሳት ያለበትን ልጅ አዝላ ስትዞር ኖራለች። ወረቀቷ ላይ ያለው መጥረጊያ ብቻ ነው። እባካችሁ አለቆች፣ ሰው በደብዳቤ አሠሩ።

ከአጂፕ የደወለች እህት፦ እኔና ጓደኛዬ እኩል ነጥብ አምጥተን፣ የግል መዋዕለ ሕፃናት ልምዷ ተቆጥሮላት በለጠችኝ። ልክ ነው?

መልስ፦ የግል ልምድ በራሱ ችግር የለበትም። ከቦታው ጋር የሚሄድ ከሆነና የሥራ ግብር የተከፈለበት መሆኑ ከተረጋገጠ ሊያዝላት ይችላል። እኔ አንቺን ብሆን የማየው ቀኑን ነው።

አንድ ጊዜ እንዲህ ያለ ማህደር እጄ ገብቶ ነበር። ልምዱ በፈረንጅ አቆጣጠር ከሴፕቴምበር 2014 እስከ ሴፕቴምበር 2017 ይላል። የመዘገበው ሰው መነሻውን ወደኛ ቀይሮ 2007 አለ። መጨረሻውን ግን ሳይቀይር 2017 ብሎ ተወው። ሦስቱ ዓመት አሥር ሆነ! ማንም ለማጭበርበር አላሰበም። ሁለት ሰዎች ግን በዚያ ቁጥር የተነሳ ወራት ሙሉ ሳይነጋገሩ ከረሙ፤ አንድ ክፍል ውስጥ፣ አንድ አልጋ ላይ ያሉ ሕፃናትን እያስተኙ። ስለዚህ ከጓደኛሽ ጋር ከመቀያየምሽ በፊት ነጥቡ የተሠራበትን ቃለ ጉባኤ ለማየት በጽሑፍ ጠይቂ። ምናልባት ስህተቱ የእሷም የአንቺም አይደለም።

በአጭር መልእክት፦ ወሊድ ላይ ሆኜ የእድገት ማስታወቂያ ወጥቶ አለፈኝ። የወሊዱ ጊዜ ከአገልግሎቴ ይቀነሳል?

መልስ፦ አይቀነስም። ያው አዋጅ 1064 በ2010 ዓ.ም. የወሊድ ፈቃዱን 120 ቀን አድርጎት ነበር፤ 30 ከወሊድ በፊት፣ 90 ከወሊድ በኋላ፣ ከሙሉ ደመወዝ ጋር። ፈቃድ ላይ ያለች ሠራተኛ ሠራተኛ ናት። ማስታወቂያው ለምን እንዳልደረሰሽ በጽሑፍ ጠይቂ። እንኳን ማርያም ማረችሽ።

ከመንደራ የደወሉ፦ አቤቱታውን የት ላቅርብ?

መልስ፦ መጀመሪያ ቀጣሪዎ ማን እንደሆነ ይወቁ። ጅማ ዩኒቨርሲቲ ከሆኑ የሚገዛዎት የፌዴራሉ ሕግ ነው። የከተማው ወይም የዞኑ መሥሪያ ቤት ከሆነ ግን የኦሮሚያ ክልል የራሱ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ አለው። ጎረቤትዎ የነገረችዎ ለእርስዎ ላይሠራ ይችላል። ከዚያ የሚጀምሩት ከመሥሪያ ቤትዎ ቅሬታ ሰሚ ነው። ካልረኩ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት በይግባኝ ይሄዳሉ። ቀነ ገደብ ስላለው ውጤቱ በተለጠፈ ሰሞን ይጀምሩ። አቤቱታዎን በሁለት ኮፒ ያዘጋጁና አንዱን መዝገብ ቤት ቀንና ማኅተም አስመትተው ይዘው ይውጡ።