ጌም ቀድታችሁ ድምፁ ጠፋባችሁ? ከየት እንደቀዳችሁ እንይ

[ምስል፦ የስልክ ስክሪን። ጌም እየተካሄደ ነው። ድምፅ የለም።]

ይሄን ቪዲዮ እዩት። ሰው ይሮጣል። ተኩስ ይታያል። መኪና ይገለበጣል። ግን ጭጭ ነው። ምንም አይሰማም።

የቀዳው የአክስቴ ልጅ ነው። አስረኛ ክፍል ነው፣ ቤታቸው እዚሁ ባህር ዳር፣ ሽምብጥ ነው። ከሦስት ጓደኞቹ ጋር ሳምንቱን ሙሉ ሲለማመዱ ሰንብተው አሸነፉ። 28 ደቂቃ ሙሉ ቀድቶታል። የመጨረሻዋን ቁራጭ ቆርጦ የጓደኞቹ ቴሌግራም ግሩፕ ላይ ሲለጥፋት ጥጉ ላይ «ጂአይኤፍ» (ድምፅ አልባ አጭር ተንቀሳቃሽ ምስል) የሚል ጽሑፍ ይዛ ወጣች። የዚያኑ ማታ በዝናብ እየሮጠ እኔ ጋ መጣ።

«ወንድም ጋሼ፣ ድምፁ የት እንደገባ አላውቅም» አለኝ። ስልኩን ሲሰጠኝ እጁ ውሃ በውሃ ነበር። በጣም አሳዘነኝ። እኔም በእሱ ዕድሜ እያለሁ እንዲህ ዓይነት ነገር ሲበላሽብኝ እንቅልፍ አይወስደኝም ነበር።

[ምስል፦ ጣና ዳር፣ ጠዋት። አንድ ሰው ቢጫ ጄሪካን ይዞ ወደ ውሃው ጎንበስ ይላል።]

እዚህ ላይ አማርኛችን ራሱ ያግዘናል። ውሃም ይቀዳል፣ ድምፅም ይቀዳል። ቃሉ አንድ ነው። ጣናን የሚያህል ሐይቅ ፊታችሁ ተዘርግቶ ጄሪካኑን ውሃው ውስጥ ካልነከራችሁት ባዶውን ይመለሳል። ሐይቁ አልደረቀም። ጄሪካኑም አልተቀደደም። ውሃው ላይ አልደረሰም፣ በቃ።

ስልክና ኮምፒውተር ውስጥም ነገሩ እንደዚያው ነው። ድምፅ በአንድ መስመር ብቻ አይሄድም። የጌሙ ድምፅ የራሱ መስመር አለው። የማይካችሁ ድምፅ ሌላ መስመር አለው። ከጓደኞቻችሁ ጋር የምታወሩት ደግሞ ብዙ ጊዜ በሦስተኛ መስመር ይሄዳል። መቅጃው እናንተ ያሳያችሁትን መስመር ብቻ ይቀዳል። ምንም ካላሳያችሁት ምስሉን ብቻ ይዞ ይመጣል።

ስለዚህ ምንም ሴቲንግ ከመነካካታችሁ በፊት ፋይሉን እዩት። ሦስት ዓይነት ጥፋት አለ፣ መፍትሔያቸውም ለየቅል ነው።

አንደኛው እንደ አክስቴ ልጅ ፋይል ነው። ጭራሽ ድምፅ የለውም። ይሄን ቴሌግራም ራሱ ይነግራችኋል። ቴሌግራም ድምፅ አልባ የሆነ አጭር ቪዲዮ ሲያገኝ እንደ ጂአይኤፍ ነው የሚቆጥረው። እናንተ ሳትነኩት ቪዲዮው ጂአይኤፍ ሆኖ ከወጣ ፋይሉ ውስጥ የድምፅ መስመር የለም ማለት ነው።

ሁለተኛው ድምፅ አለው፣ ግን የጌሙ ድምፅ አይደለም። የነሐሴ ዝናብ ቆርቆሮውን ሲደበድበው ይሰማል። «ልጄ፣ ቡናው ቀረበ» የምትል እናት ትሰማለች። በር ላይ ያለፈ ባጃጅ ይሰማል። ተኩሱ ግን ካለም ከሩቅ ነው። ይሄ በማይክ የተቀዳ ነው። ስልኩ ክፍሉን ነው የሰማው።

ሦስተኛው ድምፁ ፋይሉ ውስጥ ተቀምጧል፣ የምትከፍቱበት አፕ ነው ያላወጣው። ይሄ በኮምፒውተር ለሚቀዱ ሰዎች የሚገጥም ነው። ኋላ እመለስበታለሁ።

[ምስል፦ የአንድሮይድ ስልክ ሴቲንግ።]

ከአንድሮይድ እንጀምር፣ እኛ ሰፈር አብዛኛው ልጅ የያዘው እሱን ነው።

መጀመሪያ የስልካችሁን ቨርዥን እዩ። ሴቲንግ ውስጥ «አባውት ፎን» የሚለው ላይ አለ። ከ10 በታች ከሆነ የጌም ድምፅ ከውስጥ ለመቅዳት የሚሆን በር ለተራ አፕ አልተከፈተለትም። ለዚህ ነው የድሮ መቅጃዎች ሁሉ በማይክ የሚቀዱት። እዚያ ላይ አምስት ስድስት አፕ እያወረዳችሁ ዳታችሁን አትጨርሱ። «የውስጥ ድምፅ እቀዳለሁ» ቢላችሁም ስልኩ ሩት ካልተደረገ (የፋብሪካው ጥበቃ ካልተነሳለት) በስተቀር አይችልም።

በሩ የተከፈተው በ2019 በወጣው አንድሮይድ 10 ነው። በ2020 አንድሮይድ 11 ሲመጣ ደግሞ ስክሪን መቅጃው ከስልኩ ጋር አብሮ ተሠርቶ ወጣ። ከላይ ወደ ታች ስትስቡት ከሚመጡት ምልክቶች መካከል «ስክሪን ሪከርድ» የሚለው ነው። ሳምሰንግ ላይ ስትነኩት ሦስት ምርጫ ይሰጣችኋል፦ ድምፅ አልባ፣ የሚዲያ ድምፅ፣ የሚዲያ ድምፅና ማይክ። ሌሎች ስልኮች ላይ ስሙ «ዲቫይስ ኦዲዮ» ወይም «ሲስተም ሳውንድ» ሊሆን ይችላል። የጌሙን ድምፅ የምትፈልጉ ከሆነ «ማይክሮፎን» ብቻ የሚለውን አትምረጡ። ዝናቡን የሚያመጣባችሁ እሱ ነው።

አሁን ወደ አክስቴ ልጅ ልመለስ። የእሱ ስልክ አዲስ ነው፣ ቨርዥኑም ምንም አይለውም። የሚጠቀመው ግን ከፕሌይ ስቶር ያወረደውን መቅጃ ነው። ሴቲንጉን ከፈትኩት። «የውስጥ ድምፅ» ተመርጧል። ልክ ነው። ታዲያ ምን ሆነ?

«ስትጭነው ምን ጠየቀህ?» አልኩት።

«ማይክ ልጠቀም ወይ አለኝ። እምቢ አልኩት። የእማዬ ድምፅ እንዲገባ አልፈለግኩም።»

[ምስል፦ የፈቃድ መጠየቂያ ሳጥን። «አላው» እና «ዲናይ» የሚሉ ሁለት ቁልፎች።]

ተገኘ። ይሄን ነገር ጠጋ ብላችሁ እዩት፣ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል። አንድሮይድ ላይ አንድ ያወረዳችሁት አፕ የጌሙን የውስጥ ድምፅ ብቻ ለመቅዳት ቢፈልግ እንኳ ያንኑ የማይክ ፈቃድ ማግኘት አለበት። ፈቃዱ «ድምፅ መቅዳት» የሚል አንድ ፈቃድ ነው፤ ከውስጥም ይሁን ከውጭ። ስለዚህ ማይኩን እምቢ ስትሉት የጌሙንም ድምፅ አብራችሁ እምቢ አላችሁት። ልጁ ያሰበው ትክክል ነበር፣ የእናቱን ድምፅ መጠበቁ ደግ ነው። ስልኩ ነው በአንድ ቃል ሁለት ነገር የጠየቀው።

መፍትሔው እንዲህ ነው። ሴቲንግ፣ ከዚያ አፕስ፣ ከዚያ የመቅጃው ስም፣ ከዚያ ፐርሚሽን፣ ከዚያ ማይክሮፎን። «አፑን ስጠቀም ብቻ» የሚለውን ንኩት። ከዚያ መቅጃው ውስጥ ገብታችሁ የውስጥ ድምፅ ብቻ እንዲቀዳ አድርጉት። የእናት ድምፅ አይገባም፣ የጌሙ ይገባል።

አንድ ሌላ ምክንያትም አለ። ጌሙን የሠሩት ሰዎች «ድምፃችንን ሌላ አፕ አይቅዳብን» ብለው ሊዘጉት ይችላሉ። አንድሮይድ ይሄን መብት ሰጥቷቸዋል። ሌላ ጌም ቀድታችሁ ድምፁ ጥርት ብሎ ከመጣና ያ አንዱ ብቻ ጭጭ ካለ ጥፋቱ ከእናንተ አይደለም።

[ምስል፦ አራት ልጆች በየስልካቸው እያወሩ ሲጫወቱ።]

አሁን ደግሞ ከባዱ፦ እያወሩ መጫወት። ቮይስ ቻት።

ጌሙ ውስጥ ማይክ ስትከፍቱ ማይኩን ጌሙ ያዘው። መቅጃውም ማይኩን ይፈልጋል። አንድሮይድ በተለመደው አሠራር አንድ ማይክ ለሁለት ተራ አፖች እኩል አያካፍልም። አንዱ ይሰማል፣ ሌላው ባዶ ጸጥታ ይሰጠዋል። የሚያናድደው ምንም ማስጠንቀቂያ አለመውጣቱ ነው። መቅጃው ሰዓቱን እየቆጠረ ይሄዳል፣ እናንተም የተቀዳ ይመስላችኋል።

የጓደኞቻችሁ ድምፅስ? ጌሙ ድምፃቸውን እንደ ስልክ ጥሪ አድርጎ ካሳለፈው የወረደ መቅጃ አይደርስበትም። አንድሮይድ የጥሪ ድምፅን ለተራ አፕ አይሰጥም። በግሌ ይሄ ሕግ ደስ ይለኛል፣ ማንም አፕ ተደብቆ ወሬያችንን እንዳይቀዳ ነው።

ታዲያ ምን ይደረግ? እኔ የምመክረው ይሄን ነው። ለቪዲዮ በምትቀዱበት ቀን የጌሙን ማይክ ዝጉት። ጓደኞቻችሁ አንድ ቤት ተሰብስበው ከሆነ እንደውም ፊት ለፊት ታወራላችሁ፣ «የሚዲያ ድምፅና ማይክ» የሚለውን ምርጫ ስትጠቀሙ ሳቃችሁም ይገባል። ቤቱ ጸጥ ያለ ይሁን። ዝናብ ከመጣ እስኪያባራ ጠብቁ፣ ቆርቆሮ ቤት ውስጥ ከዝናብ ጋር ተፎካክሮ ያሸነፈ ማይክ አላየሁም።

ብሉቱዝ ማዳመጫ የምታደርጉም አድምጡኝ። ማዳመጫው ዘፈን ሲያጫውት በአንድ መንገድ ነው የሚሠራው፣ ድምፁም ሙሉ ነው። የማዳመጫው ማይክ ሲከፈት ግን ወደ ጥሪ መንገድ ይቀየራል። ያን ጊዜ የምትሰሙት ሁሉ የጓዳ ውስጥ ሬዲዮ ይመስላል፣ ግራና ቀኙም አይለይም። ባለገመድ ማዳመጫ ካላችሁ ለቀረፃ እሱን አድርጉ።

አይፎን የያዛችሁ ነገሩ ይቀላችኋል። ከ2017ቱ አይኦኤስ 11 ጀምሮ መቅጃው ከኮንትሮል ሴንተር ውስጥ ይወጣል፣ የጌሙንም ድምፅ ይቀዳል። የራሳችሁን ድምፅ ከፈለጋችሁ የመቅጃውን ቁልፍ ተጭናችሁ ያዙትና ማይኩን አብሩ። የጸጥታ ማብሪያውንም እዩ፣ እሱ ሲበራ ድምፃቸውን የሚያጠፉ ጌሞች አሉ።

[ምስል፦ ላፕቶፕ። ኦቢኤስ ተከፍቷል።]

ኮምፒውተር ላይ ለምትቀዱ፣ በተለይ ባህር ዳር ዩኒቨርሲቲ ፔዳና ፖሊ ግቢ ላላችሁ ልጆች። አብዛኞቻችሁ ኦቢኤስ የሚባለውን የመቅጃ ፕሮግራም ነው የምትጠቀሙት፣ በነፃ ስለሆነ እኔም እወደዋለሁ።

ኦቢኤስ ስር የድምፅ መለኪያ አለ። «ኦዲዮ ሚክሰር» ይላል። ጌሙን ክፈቱና እዩት። አረንጓዴዋ መስመር እየዘለለች ነው? እየዘለለች ከሆነ ድምፁ ደርሷል። ቀጥ ብላ ከተኛች ግን ጄሪካኑ ውሃ አልነካም።

በጣም የሚያጋጥመው ምክንያት ማዳመጫ ነው። ትናንት ኦቢኤስን በላፕቶፑ ስፒከር አስተካከላችሁት። ዛሬ ማዳመጫ ሰካችሁ። ጌሙ ድምፁን ወደ ማዳመጫው ላከው፣ ኦቢኤስ ግን አሁንም ስፒከሩን ደጅ ይጠናል። ስፒከሩ ደግሞ ዝም ብሏል። ሴቲንግ፣ ኦዲዮ፣ ከዚያ «ዴስክቶፕ ኦዲዮ» የሚለውን እናንተ ወደምትሰሙበት ዕቃ ቀይሩት። መለኪያዋ ወዲያው ትነሳለች።

ኦቢኤስ 28 በ2022 ከወጣ ወዲህ ሌላ መላ አለ። ዊንዶውስ ላይ «አፕሊኬሽን ኦዲዮ ካፕቸር» የሚል ሶርስ (የድምፅ ምንጭ) ጨምራችሁ ጌሙን ብቻ ትመርጣላችሁ። የቴሌግራም ጥሪ ምልክት ቪዲዮው ውስጥ አይገባም። ይሄን ከጨመራችሁ ግን «ዴስክቶፕ ኦዲዮ»ን ዝጉት። ካልዘጋችሁት ድምፁ ሁለት ጊዜ ይገባል፣ እንደ ገደል ማሚቶ ይሆናል።

አሁን ያቺ ሦስተኛዋ ጥፋት። ኦቢኤስ ድምፁን በተለያዩ ትራኮች (የድምፅ መስመሮች) ከፋፍሎ ማስቀመጥ ይችላል፦ ጌሙ በአንዱ፣ ማይኩ በሌላው። የስልክ ማጫወቻ ግን ብዙ ጊዜ የመጀመሪያዋን ብቻ ነው የሚያጫውተው። እሷ ባዶ ከሆነች «ድምፅ የለውም» ትላላችሁ። ፋይሉን ቪኤልሲ በሚባለው ማጫወቻ ክፈቱት፣ «ኦዲዮ» ከዚያ «ኦዲዮ ትራክ» ንኩና ሁለተኛዋን ሞክሩ። ስንት ሰው እዚያ ቁጭ ያለ ድምፅ እያለው ፋይሉን አጥፍቶታል! ለወደፊቱ ትራክ 1 ላይ ሁሉንም ቀላቅሉ፣ ለብቻ የምትፈልጉትን 2 እና 3 ላይ አስቀምጡ።

ስለ መብራትም አንድ ነገር ልበል። ዴስክቶፕ የምትጠቀሙ ከሆነ ቀረፃውን ኤምኬቪ በሚባለው የፋይል ዓይነት አድርጉት። ተራው ኤምፒ4 ፋይል ማውጫውን የሚጽፈው ቀረፃው ሲያልቅ ነው። መሃል ላይ መብራት ድርግም ካለ ምስሉም ድምፁም አይከፈትም። ኤምኬቪ እስከተቀዳበት ድረስ ይተርፋል። ኋላ ኦቢኤስ ራሱ «ሪመክስ» በሚለው ወደ ኤምፒ4 ይቀይርላችኋል።

[ምስል፦ እንደገና ያ ድምፅ አልባ ቪዲዮ።]

የአክስቴ ልጅ 28 ደቂቃስ? ያልተቀዳ ድምፅ አይመለስም። «የጠፋ ድምፅ እንመልሳለን» የሚሉ አፖች አሉ፣ ፋይሉ ውስጥ የሌለ ነገር ግን አያመጡም። ይሄን ስነግረው ዝም አለ።

ከዚያ አንድ ነገር አሰብን። ቅዳሜ ዝናቡ ሲያባራ አራቱም ልጆች እኔ ክፍል መጡ። በሩን ዘጋን፣ መስኮቱ ላይ ብርድ ልብስ ሰቀልን። ቪዲዮውን በላፕቶፕ እያዩ፣ አንድ ስልክ መሃላቸው አስቀምጠን፣ ያን ቀን የሆነውን እንደ ኳስ ተንታኝ እየተቀባበሉ ተረኩት። ማን እንደፈራ፣ ማን ከኋላ እንደመጣ፣ መኪናዋ ስትገለበጥ ማን እንደጮኸ። ያን ድምፅ በቪዲዮ ማቀናበሪያ ከምስሉ ጋር አገናኘነው። መነሻውን ለማመሳሰል ቪዲዮው ሲጀምር አንዱ ልጅ አንዴ አጨበጨበ፣ እሷን ይዘን ገጠምነው።

አሁን ጌም ከመጀመሩ በፊት 10 ሴኮንድ ይቀዳል። ያቆማል። ማዳመጫውን ነቅሎ ይሰማዋል። ከዚያ ነው ጓደኞቹን የሚጠራቸው። ትናንት የላከልኝ ይሄ ነው።

[ምስል፦ አዲሱ ቪዲዮ። ድምፁ ይከፈታል፦ ሣር ላይ የሚራመድ ሰው፣ ከግራ በኩል።]