የኋላውን በር ክፈቱት

የተከበራችሁ እንግዶች፣ ወንድሞቼና እህቶቼ፣ እንደምን አመሻችሁ።

አዘጋጆቹ «ስለ ዋሽንግተን ሐውልት ሠሪ ትንሽ አውራልን» አሉኝ። እሺ አልኩ። ግን እንደምታውቁኝ የእኔ ወሬ ዞሮ ዞሮ እሳት ላይ ነው የሚያርፈው። ቻሉኝ።

እዚህ ከተማ የገባችሁ ሰሞን ሐውልቱ ሥር ፎቶ ተነስታችሁ ለእናታችሁ ልካችኋል። ታክሲ የነዳችሁማ ስንቴ ዞራችሁታል! የነደፈው ሰው ሮበርት ሚልስ ይባላል። በ1781 ደቡብ ካሮላይና፣ ቻርልስተን ተወለደ። ዓመቱን በፈረንጅ ነው የምጠራው። ዋይት ሐውስን ከነደፈው ከሆባን ጋር ሠራ። ከፕሬዚዳንት ጄፈርሰን መጻሕፍት ተማረ። ላትሮብ ከሚባል አርክቴክት ሙያውን ቀሰመ። አሜሪካ ተወልዶ አርክቴክትነትን ሙያዬ ብሎ የተማረ የመጀመሪያው ሰው እኔ ነኝ ይል ነበር።

አሁን ቨርጂኒያ፣ ሪችመንድ ልውሰዳችሁ። በመኪና ሁለት ሰዓት ገደማ ነው።

ዲሴምበር 26 ቀን 1811፣ የገና ማግስት ማታ። ቲያትር ቤቱ ውስጥ 600 ያህል ሰው ታጭቋል። ሻማ የበራበት መብራት በገመድ ወደ ላይ ሲጎተት ተወዛወዘና የመድረኩን ሸራ ነካ። ሸራው ቀለም የጠጣ፣ ጣሪያው እንጨት። ከዚያ በኋላማ ምን ይጠየቃል! ውድ ቲኬት የቆረጡት ላይ ባለው የተከለለ መቀመጫ፣ ሎጅ በሚሉት ነበሩ። መውረጃቸው ጠባብ ደረጃ ነው፣ እዚያው ተረጋገጡ። ርካሹ ቦታ የተቀመጡት በሌላ በር ነበር የገቡት፣ አብዛኞቹ በዚያው ወጡ። አያችሁ? ነፍስ ያዳነው ሁለተኛው በር ነው። ጊልበርት ሃንት የሚባል ቀጥቃጭ ነበር፣ በባርነት የተያዘ ሰው። አንድ ሐኪም ሴቶቹን በመስኮት እያወረደ ሲለቃቸው፣ እሱ ከታች ቆሞ በእጁ ተቀበላቸው። ደርዘን ያህል ሴቶች! ያም ሆኖ 72 ሰው ሞተ፣ የቨርጂኒያ ገዢ ጭምር።

በዚያው ቦታ ላይ መታሰቢያ ቤተ ክርስቲያኑን የነደፈው ሚልስ ነው። የሟቾቹ አፅም ከሥሩ አርፏል። እኔ እንደሚመስለኝ እዚያ የሠራ ሰው እንጨት ጣሪያን ዳግም አያምንም። በ1820ዎቹ ቻርልስተን ውስጥ የመዝገብ ቤት ሠራ። ጣሪያው የጡብ ቅስት፣ ደረጃው ድንጋይ፣ የመስኮቱ መዝጊያ ብረት። ሕዝቡ «እሳት የማይበላው ሕንፃ» ብሎ ጠራው። በ1886 ከተማዋን ያፈራረሰውን የመሬት መንቀጥቀጥም ችሎ ዛሬም ቆሟል። እዚህ ዋሽንግተን የገንዘብ ሚኒስቴሩ በ1833 ሲቃጠል፣ አዲሱን በዚያው በቅስት ሠራው። በ1838 ኮንግረስ ያስመጣው ሌላ አርክቴክት ግድግዳው ቅስቱን አይችልም፣ ይፍረስ አለ። አልፈረሰም። ነገ ሂዱና እዩት።

አሁን ወደ እኛ ልምጣ። ባለፈው ወር አንድ የሐበሻ አዳራሽ ሠርግ ተጠራሁ። ስሙን አልጠራም። እንደ ልማዴ የኋላውን በር ፈለግኩ። የጤፍ ጆንያ እስከ ላይ ተደርድሮበታል! ባለቤቱን ጠጋ ብዬ ስጠይቀው «ጋሼ፣ ሌባ እንዳይገባ ብለን እኮ ነው» አለኝ። ሌባ! ሦስት መቶ ሰው እስክስታ እየወረደ፣ ወጥ ቤቱ ውስጥ ዘይት እየፈላ፣ እሱ የሚፈራው ሌባ ነው። «ደግሞ ኢንስፔክተር ሲመጣ እናነሳዋለን» ብሎ ጨመረልኝ። እሳት ቀጠሮ ይዞ ነው እንዴ የሚመጣው? ይህን የምታደርጉ እዚህ አዳራሽ ውስጥም አላችሁ። አውቃችኋለሁ። እናንተም ታውቁኛላችሁ። ጭብጨባውን ተዉት፣ በሩን ክፈቱ!

ሐውልቱን ረሳሁት፣ ይቅርታ። በ1848 መሠረቱ ተጣለ፣ በ1854 ገንዘብ አልቆ ቆመ፣ ሚልስም በ1855 ሞተ። በ1884 ሲያልቅ 169 ሜትር ደረሰ። ዙሪያውን ሊያቆማቸው የነደፋቸው ዓምዶች ግን ቀሩ። የድንጋዩ ቀለም ከሩቡ ትንሽ ከፍ ብሎ ሲለወጥ ታያላችሁ፣ ሥራው የተቋረጠበት ቦታ ነው። የአክሱም ልጆች አትሳቁ፣ የእናንተው አንድ ወጥ ድንጋይ መሆኑን እናውቃለን።

እራቱ ደርሷል መሰለኝ። ከመናገሬ በፊት በቀኝ በኩል ያለውን በር ሞክሬዋለሁ፣ ይከፈታል። የግራው ፊት ግን ስፒከር ተገትሯል። ዲጄ፣ አንተ ልጅ፣ እባክህ አንሳልኝ። እኔ እዚሁ ቆሜ እጠብቃለሁ።